ስድሳ ምዕራፍ

የኔታ፣

ይህን ስም ስታይ ማን እንደጻፈልህ አውቀሃል። ከዋሸራ ቅኔ ቤት ቤተሰብ ልትጠይቅ በመጣህ ቁጥር ደበሎህን እየሳብኩ በዚህ ስም የምጠራህ እኔ ነበርኩ። በቅርቡ የተነሳኸውን ፎቶ ሰው አሳይቶኛል። ጺምህ የትምህርት ቤት መምህር ሳይሆን መነኩሴ አስመስሎሃል፤ ግን ያምርብሃል፣ እንዳትቆርጠው።

ጠፍቼብሃለሁ፣ ይቅር በለኝ። ሥራውን፣ ልጆቹን፣ የሰዓቱን ልዩነት ደርድሬ አንድ አንቀጽ ጽፌ ነበር፤ አጠፋሁት። ላንተ እንደዚያ አይጻፍም። ዋናውን ምክንያት ወደ ታች እነግርሃለሁ፣ እጄ ከታዘዘልኝ። አሁን የጻፍኩልህ ግን ቸግሮኝ ነው። ችግሩም የአንድ ቃል ነው፤ እንዳትስቅ።

እዚህ ሜሪላንድ በቤተ ክርስቲያናችን ለልጆች አማርኛ አስተምራለሁ። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ምድር ቤት ባለች ክፍል። ልጆቹ እዚሁ የተወለዱ ናቸው፤ ፊደሉን ለይተዋል፣ ቀስ እያሉም ቢሆን ያነባሉ። ባለፈው ሳምንት የኤማሁስን መንገደኞች ታሪክ አወጣሁላቸው። «ሉቃስ ምዕራፍ 24 ግለጡ» አልኩ፣ ገለጡ። አንዲት ልጅ ቁጥር 13ን ማንበብ ጀመረች፤ ሁለቱ ሰዎች ከኢየሩሳሌም «ስድሳ ምዕራፍ ያህል» ወደሚርቅ መንደር ይሄዱ ነበር የሚለው ጋ ስትደርስ ቆመች። «ቲቸር፣ እየሄዱ ስድሳ ምዕራፍ አነበቡ ማለት ነው?»

ማንም አልሳቀም። ሁሉም ቀና ብለው እኔን ያያሉ። እውነታቸውን ነው፣ ገና አሁን ምዕራፍ 24 ግለጡ ብያቸው በሚቀጥለው ደቂቃ ስድሳ ምዕራፍ የእግር መንገድ ሲሆን ምን ይበሉ? «ያኔ መንገድ የሚለካበት ቃል ነው» አልኳቸው። «ስንት ማይል ነው?» አለ ሌላው። እሱን ሳምንት አመጣለሁ ብዬ አለፍኩ፤ ቤቴ ገብቼ ግን ሌሊቱን ሙሉ ከቃሉ ጋር ስታገል አደርኩ።

መጀመሪያ ሒሳቡን ያዝኩ። ግሪኩ የሚለው ስታድዮን ነው፤ ወደ 185 ሜትር ገደማ። ስድሳው 11 ኪሎ ሜትር ይመጣል። ጥሩ፣ የከሰዓት መንገድ ነው፣ እያወሩ ለሚሄዱ ሰዎች ሁለት ሰዓት ተኩል፣ ሦስት ሰዓት ቢወስድ ነው። አንዳንድ ጥንታውያን የግሪክ ቅጂዎች ደግሞ መቶ ስድሳ ይላሉ፤ ያ ወደ 30 ኪሎ ሜትር ይጠጋል። እራት ላይ ጌታን ካወቁት በኋላ በዚያችው ሰዓት ተነሥተው ወደ ኢየሩሳሌም ተመለሱ አይደል የሚለው? ያን ሁሉ መንገድ በሌሊት መልሰው ሄዱት። ታሪኩን ከልጅነቴ ጀምሮ ሰምቼዋለሁ፤ የእግራቸው ድካም የገባኝ ግን ዘንድሮ ነው።

ከዚያ ቢታንያን አየሁ፣ አሥራ አምስት ምዕራፍ፣ ሦስት ኪሎ ሜትር አይሞላም። ማርታና ማርያምን ሊያጽናኑ ብዙ ሰዎች ከኢየሩሳሌም የመጡት ለዚህ ነዋ፣ ለቅሶ ለመድረስ ቅርብ ነበር። ደቀ መዛሙርቱ ማዕበሉ ውስጥ ሃያ አምስት ወይም ሠላሳ ምዕራፍ ቀዝፈዋል፣ አምስት ኪሎ ሜትር ገደማ፤ ባሕሩ መካከል ላይ ናቸው ማለት ነው። እስከዚህ ድረስ ሁሉም ገጠመልኝ።

ማቴዎስ ምዕራፍ 5 ላይ ስደርስ ተበላሸ። «ማንም ሰው አንድ ምዕራፍ ትሄድ ዘንድ ቢያስገድድህ» ይላል። እዚህ ያለው ስታድዮን አይደለም፣ የሮማውያን ማይል ነው። የሮም ወታደር መንገደኛውን አስገድዶ ሸክም ያሸክመው ነበር፤ ነገሩ እሱን ነው። አንድ ሺህ ድርብ እርምጃ፣ ወደ 1480 ሜትር። ስምንት እጥፍ! አማርኛው ሁለቱንም ምዕራፍ ብሎ አለፈ። ያች ልጅ ይህን ብታገኝ ምን እላት ነበር?

ሰኞ ዕለት ከልጆቹ ወላጆች አንዱ ደወለ። ልጁ ቤት ገብቶ ጥያቄውን አንሥቶበት ኖሯል። ሰውየው ደግ ነው፣ ልጆቹ እንዲገባቸው ብሎ ነው፤ «የምታባዢው ወረቀት ላይ ማይል በይውና ተገላገይ» አለኝ። ሌሎችም ተስማምተዋል አሉ። እኔ ግን እንቢ አልኩ፣ አሁንም እንቢ እንዳልኩ ነኝ። አንደኛ፣ ዝም ብለህ ቃሉን በማይል ብትለውጠው ስድሳ ማይል ሊሆን ነው፣ 96 ኪሎ ሜትር! ሰዎቹ በአንድ ከሰዓት በኋላ 96 ኪሎ ሜትር በእግር ሄደው በዚያው ሌሊት ተመለሱ ልንል ነው። በትክክል አስልተህ ሰባት ማይል ብትለው ደግሞ ቁጥሩ ይስተካከላል፣ ቃሉ ግን ይሄዳል። እኔ የምሳሳለት ለቃሉ ነው።

እስቲ አስበው። ግሪኩ ስታድዮን የሚለው የሩጫውን ሜዳ ነው፤ ሰው የሚሽቀዳደምበትን። የሮማውያኑ ማይል «ሺህ» ከሚለው ቃል የመጣ ነው፤ ሺህ እርምጃ። የእኛዎቹ ሊቃውንት ግን ሁለቱንም ሲያገኙ የጻፉት ማረፊያ ብለው ነው። ዐረፈ፣ ምዕራፍ። ያው አረፍ በሉ የምንለው፣ እናቴ ስንረብሽ «እረፊ!» ብላ የምትቆጣበት፣ መጽሐፍ አንባቢ ትንፋሽ የሚሰበስብበት ቦታ ስም። ከያሬድ አምስቱ የዜማ መጻሕፍት አንዱም በዚህ ስም ይጠራል፤ ይህን ካንተ ነው የሰማሁት፣ ዙር አባ ሄጄ ዝማሬ መዋሥዕት ልማር እያልክ ስታስቸግረን በነበረበት ዘመን። መንገዱን በሩጫም በእርምጃም ሳይሆን ሰው በሚያርፍበት ለኩት። ይህን ለልጆቹ ሳልነግራቸው ማይል ብዬ ላልፍ? አይሆንልኝም።

ደግሞ ነገሩ ለልጆቹም ሩቅ አይደለም። እዚህ አገር «ቤታችሁ ስንት ይርቃል?» ብትላቸው ማንም ማይል አይልህም። «ሃያ ደቂቃ» ነው የሚሉት። «ትራፊክ ካለ ዐርባ»። መኪናው ውስጥ የማይል ቁጥር ተደርድሮላቸው እነሱ ግን የሚቆጥሩት መንገዱ ከእነሱ የሚወስደውን ነው። አገር ቤት የአንድ ቀን መንገድ፣ የሁለት አዳር መንገድ እንደሚባለው ማለት ነው። ይህን ስነግራቸው እንደሚገባቸው እርግጠኛ ነኝ። ሀገራችንም ቢሆን ከተሜው የለመደውን አራት ኪሎ፣ ስድስት ኪሎ እይ፤ ልኬት የነበረው ቃል ሰፈር ሆኖ ቁጭ ብሏል፣ ታክሲ ውስጥ «አራት ኪሎ» የሚል ሰው ስለ ርቀት አያስብም። ሰፈር ራሱ መንገደኛና ሠራዊት ድንኳኑን ተክሎ የሚያድርበት ነበር። እንዲያው የመንገድ ቃሎቻችን ሁሉ ዞረው ዞረው ሰው የሚቀመጥባቸው ይሆናሉ።

እና ያንተ ጉዳይ እዚህ ጋ ይመጣል። ከዋሸራ ተነሥተህ ዓባይን ተሻግረህ ጋይንት ውስጥ እስካለችው ቤተልሔም ድረስ የያሬድን የዜማ መጽሐፍ፣ ድጓን፣ ፍለጋ የሄድክበትን መንገድ አስታውስ። አኩፋዳህን አንግተህ፣ በየመንደሩ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያልክ፣ ውሻ ሲመጣብህ በዱላህ እየተከላከልክ። ስትነግረን ኪሎ ሜትር የሚባል ከአፍህ ወጥቶ አያውቅም። «እስከ ወንዟ የጧት መንገድ ነው፣ ከወንዟ ወዲያ አንድ አዳር» ነበር የምትለው። ባላገሩን መንገድ ስትጠይቀው በአገጩ ጠቁሞ «ቅርብ ነው፣ እዚህች ማዶ» ይልህና ቀኑን ሙሉ ሄደህ የማትደርስባት ማዶ! ያን ስታወራ አባባ እንባው እስኪፈስ ይስቅ ነበር። «ሩቅ አሳቢ፣ ቅርብ አዳሪ» ብሎ ይተርትብሃል፣ አንተም ትኮሳተራለህ።

አባባን አነሣሁት እንግዲህ።

ይህን እንዴት እንደምጽፈው አላውቅም። የዚያን ቀን ማታ ደውለህልኝ ነበር። እኔ መምጣት አልቻልኩም፣ ወረቀቴ አላለቀም ነበር፣ ታውቀዋለህ። አንተ በእኔ ቦታ ቃሬዛውን ተሸክመሃል። ድምፅህ ደክሞ ነበር፤ ግን አንድም ሳታስቀር ልትነግረኝ ፈለግህ፣ እኔ እዚያ እንደነበርኩ እንዲሰማኝ። «የመጀመሪያው ምዕራፍ በራችሁ ላይ፣ ሁለተኛው ዋርካው ሥር፣ ሦስተኛው ወፍጮ ቤቱ ጋ» እያልክ። ሰባት ጊዜ አሳርፋችሁት፣ ሰባት ጊዜ ካህናቱ ጸልየውለት። እኔ አራተኛው ላይ «በቃህ» አልኩህ። ከዚያ ወዲህ ስምህ ስልኬ ላይ በመጣ ቁጥር ያች «አራተኛው» የምትለዋ ድምፅህ ትመጣብኛለች፤ ላነሣው አልቻልኩም። አንተ ምንም አላደረግህም። ያደረግህልኝን ወንድም ለእህቱ አያደርገውም። ምክንያቱ ይኸው ነው፣ ሌላ የለም።

አሁን ደግሞ በልጆች ጥያቄ የተነሣ ቃሉ ራሱ መጣብኝ። ላንተ የማነሣው ጥያቄም ከዚሁ ጋር የተያያዘ ነው። 185 ሜትር አጭር ነው። ባዶ እጁን የሚሄድ ሰው 185 ሜትር ሄዶ አያርፍም፣ ሸክም ያለበትም ቢሆን አያርፍም። ታዲያ ሊቃውንቱ ይህችን አጭር ርቀት ለምን ማረፊያ አሏት? ስል ስል ቆይቼ ከእኛ በር እስከ ቤተ ክርስቲያኑ ያለው መንገድ ትዝ አለኝ። አንድ ኪሎ ሜትር ተኩል ቢሞላ ነው። ለሰባት ብታካፍለው እዚያው 200 ሜትር አካባቢ ነው የሚወድቀው። የቃሉ ምንጭ ይህ ነው አልልህም፣ እሱን ለእናንተ ለተማራችሁት ትቻለሁ። ግን ሬሳ የተሸከመ ሰው በዚያች ርቀት ያርፋል። ይህን ካሰብኩ በኋላ ዐልቅሼ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ደግሞ የቀሩትን ሦስቱን መስማት ፈለግሁ። አምስተኛው የት ነበር? ስድስተኛውስ? ያኔ ያላስጨረስኩህን አሁን ጨርስልኝ። እሱን ለብቻ፣ ለእኔ ብቻ ላከው፤ ከልጆቹ ጋር አትቀላቅለው።

ለልጆቹ የምፈልገው ሌላ ነው። ድምፅህን ቅዳልኝ፣ በቴሌግራም ይበቃል። ከዋሸራ እስከ ቤተልሔም እንዴት እንደሄድክ፣ የት የት እንዳደርክ፣ ማን እንዳሳደረህ፣ የባላገሩን «እዚህች ማዶ» በራሱ አነጋገር። ስትናገር ጎጃምኛህን እንዳታሳምርብኝ፣ እንዳለ ይሁን። አንድ አሥር ደቂቃ ቢሆን ጥሩ ነው፤ አንተ ከጀመርክ አሥር ላይ እንደማታቆም ባውቅም። ከዚያ የቃሉን ነገር ጨምርበት። በግዕዙ ምን ምን ላይ ይገባል? ማቴዎስ ላይና ሉቃስ ላይ ያለው ርቀት እንዲህ ተለያይቶ ሳለ አንድ ቃል የሆነው መምህሮቻችሁ እንዴት ብለው ነው የሚያመሰጥሩት? ድጓ ቤት ይህ ሲነሣ ሰምተህ ከሆነ እንደሰማኸው ንገረኝ።

ከወላጆቹ ጋር የምንነጋገረው የፊታችን እሑድ ነው። ወረቀቱ ላይ ምዕራፍ የሚለው እንዲቆይ፣ ከሥሩ ደግሞ ስንት ኪሎ ሜትርና ስንት ማይል እንደሚሆን በትንሽ ፊደል እንዲጻፍ ነው የማቀርበው። ያንተን ድምፅ ካሰማኋቸው የሚከራከረኝ አይኖርም። አንተ እሑድ ከቅዳሴ ወጥተህ ብትልከው እንኳ እኔ ጋ ገና ሌሊት ስለሆነ ይደርስልኛል።

እትዬን ሳምልኝ። ትንሹ ልጅህ ትምህርት ጀመረ ሲሉኝ ደስ ብሎኛል፤ ስሙን ግን ማንም በትክክል አልነገረኝም፣ እሱንም ጻፍልኝ። ስትደውል አነሣለሁ።

እህትህ