ይድረስ ለአዘጋጁ፦ ለፖምፔይ ሁለት ሰዓት አይበቃም

ጤና ይስጥልኝ። ከሮም ተነስቶ ጥንታዊቷን ከተማ ፖምፔይንና እሷን የቀበራትን እሳተ ገሞራ ቬሱቪየስን በአንድ ቀን ጎብኝቶ ስለመመለስ የጉዞ ዓምዳችሁ ላይ የወጣውን ጽሑፍ አነበብኩት። ጥሩ ተጽፏል፣ ፎቶዎቹም ያምራሉ። ግን እንዳለ ከተወሰደ ብዙ ሰው ገንዘቡን ከስክሶ ቅር ብሎት ይመለሳል ብዬ ስለፈራሁ ነው ይህን የምጽፈው። እኔ የምኖረው ሮም ነው። ከአዲስ አበባም ሆነ ከዱባይ ዘመድ በመጣ ቁጥር፣ ቫቲካንና ኮሎሲየም ካለቁ በኋላ «ያ በአመድ የተቀበረው ከተማስ?» መባሉ አይቀርም። ስለዚህ መንገዱን ከማስታወቂያ አይደለም የማውቀው።

ሐሳቤን ቀድሜ ልናገር። ጥንታዊ ፍርስራሽና እሳተ ገሞራ በአንድ ቀን ማየት ይቻላል። ግን ፍርስራሹ ፖምፔይ ባይሆን ይሻላል። በዚያው እሳተ ገሞራ የተቀበረው ትንሹ ከተማ ኤርኮላኖ ይሁን። ፖምፔይ ለብቻዋ አንድ ሙሉ ቀን ትፈልጋለች።

ለምን? ሒሳቡን እንየው። ከሮም እስከ ፖምፔይ 240 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። አውቶቡሱ በእኛ አቆጣጠር ከጠዋቱ 1 ሰዓት ይነሳል። መንገድ ላይ ለቡናና ለመጸዳጃ ይቆማል። እኔ አክስቴን ይዤ በሄድኩበት ጉዞ ደግሞ (የድርጅቱ ስም ይቅር) ፕሮግራሙ ላይ በደቃቅ ፊደል የተጻፈ ሌላ ማቆሚያም ነበረ፣ የዛጎል ጌጥ የሚቀረጽበት ሱቅ። ሠርቶ ማሳያው አምስት ደቂቃ፣ ሽያጩ ግማሽ ሰዓት። ከዚያ ምሳ። ከዚያ ተራራው እንዳያመልጠን ሩጫ። ሲጣራ ለፖምፔይ የተረፈው ሁለት ሰዓት ነው።

ፖምፔይ ደግሞ ሁለት ሰዓት የሚበቃት ሰፈር አይደለችም። 66 ሄክታር ላይ ያረፈች ሙሉ ከተማ ናት። ቁፋሮው እ.ኤ.አ. በ1748 ተጀምሮ እስከ ዛሬ ሲሶዋ አልተቆፈረም። ሁለት ቲያትር፣ መታጠቢያ ቤቶች፣ ገበያ፣ ቤተ መቅደሶች አሏት። ከድንጋይ ተሠርተው ከቀሩት የመጀመሪያ ከሚባሉት አንዱ የሆነው አምፊቲያትሯም አለ። እሱ የሚገኘው ከተማዋ ዳር ስለሆነ የአንድ ቀን ቡድኖች አብዛኛውን ጊዜ ደጁንም አይረግጡት።

ያን ዕለት ያስጎበኘችን ልጅ ጎበዝ ነበረች። የአገሩ ሰው ናት፣ ፈቃዷን አንገቷ ላይ አንጠልጥላለች። ጥፋቱ የእሷ አልነበረም፤ ሰዓት ነው ያጣችው። ጎዳናው ላይ የጋሪ ጎማ ድንጋዩን ቦርቡሮ የሠራውን ሁለት መስመር አሳየችን። ጎርፍና ቆሻሻ ሳይነካቸው ሰዎች የሚሻገሩባቸውን ከፍ ከፍ ያሉ ድንጋዮችም አሳየችን። በድንጋዮቹ መካከል ጋሪው እንዲያልፍ ክፍተት ተትቷል። መንገድ ዳር ያለው የውኃ ገንዳ ጠርዙ በአንድ በኩል ጎድጉዷል። ለምን ብትሉ፣ ሰው ሁሉ እዚያው ቦታ እጁን ተደግፎ ጎንበስ እያለ ሲጠጣ ነው። እኔም እጄን አሳረፍኩበት። ልክ ነው፣ ለእጅ የተሠራ ይመስላል።

ከዚያ ዳቦ ቤት ገባን። ከጥቁር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ የተጠረቡ፣ ወገባቸው የቀጠነ ትልልቅ ወፍጮዎች ቆመዋል። በአህያ ነበር የሚዞሩት። ከኋላቸው ምድጃው አለ፤ አፉ ቅስት ነው፣ ጡቡ ያልፈረሰ። ልጅቷ እ.ኤ.አ. በ1862 እዚሁ ከተማ በአንድ ዳቦ ቤት ምድጃ ውስጥ የከሰሉ 81 ዳቦዎች እንደተገኙ ነገረችን። አክስቴ ክንዴን ይዘው ምድጃው ውስጥ አጮለቁ። «ውይ! ዳቦው እንኳን ሳይወጣ!» አሉ። ቀጥለው ስለ እርሾው ሊጠይቁ ነበር። ወፍጮውን ማን ይሞላው እንደነበርም ማወቅ ፈልገዋል። የአስጎብኚያችን ጃንጥላ ግን ጥግ ታጥፎ ሊጠፋ ደርሷል። እኔም «ኧረ እንሂድ፣ ጥለውን እንዳይሄዱ» ማለት ነበረብኝ። አክስቴ በሕይወታቸው ብዙ ዳቦ ጋግረዋል። ከቡድኑ ውስጥ ለዚያ ምድጃ ከእሳቸው የቀረበ ሰው አልነበረም።

ጽሑፋችሁ አስጎብኚ አያስፈልግም፣ ስልክ ላይ የሚወርድ ድምፅ ይበቃል የሚል ዓይነት ነገርም ነካ አድርጓል። አልስማማም። አስጎብኚ የሌለው ሰው ፖምፔይ ውስጥ የሚያየው ግድግዳ ነው። ብቻ ጥሩውን ለዩ። እኔ የምጠይቀው ጥያቄ አለኝ፦ ፍንዳታው የተከሰተው በየትኛው ወር ነው? ዓመቱ እ.ኤ.አ. 79 መሆኑ አያከራክርም። ወሩ ግን ለረጅም ዘመን ኦገስት 24 ሲባል ኖሮ፣ በ2018 እ.ኤ.አ. ግድግዳ ላይ በከሰል የተጻፈ ቀን ተገኘ። ቀኑ ኦክቶበር 17 ላይ ይውላል። ከሰል ደግሞ ብዙ ሳይቆይ የሚለቅ ነገር ስለሆነ ጽሑፉ ከፍንዳታው ጥቂት ቀደም ብሎ የተጻፈ ይመስላል። ከዚያ ወዲህ ብዙ ተመራማሪዎች ወደ ኦክቶበር አዘንብለዋል። ክርክሩ ግን አልተዘጋም። ይህን የሚያስረዳችሁ ሰው ካገኛችሁ አጥብቃችሁ ያዙት። የናንተው ጽሑፍ ኦገስት ብሎ ነው ያለፈው።

ስለ ሰዎቹ ቅርጽም እንዲሁ። እነዚያ ነጫጭ አካላት ድንጋይ የሆኑ ሰዎች አይደሉም። አስከሬኑ አመዱ ውስጥ በስብሶ ባዶ ቦታ ተወ። እ.ኤ.አ. በ1863 የቁፋሮው ኃላፊ ጁዜፔ ፊዮሬሊ ባዶው ውስጥ ጄሶ አፍስሶ ቅርጹን አወጣ። ከመካከላቸው የወርቅ አምባር ያደረገችና ሕፃን ያቀፈች «እናት» ነበረች። ስንቱ አልቅሶላታል! በ2024 እ.ኤ.አ. የወጣው የዘረመል ጥናት ግን ሰውየው ወንድ እንደሆነና ከልጁ ጋርም የሥጋ ዝምድና እንደሌለው አሳይቷል። እኔን ይህኛው ታሪክ የበለጠ ነው የነካኝ። አሁንም «እናትና ልጅ» እያሉ የሚያስጎበኙ ግን አሉ።

ወደ ተራራው ልምጣ። ቬሱቪየስ 1,281 ሜትር ነው። መኪና 1,000 ሜትር ድረስ ያወጣል፣ ከዚያ በእግር ነው። ለጤነኛ ሰው ግማሽ ሰዓት ግድም ነው። መንገዱ ሰፊ ቢሆንም አቀበት ነው፤ ልል ጠጠርና አቧራ የሞላበት። ጉልበቱን የሚያመው ሰው ሲወርድ ነው የሚቸገረው። ሸርተት ያደርጋል። አክስቴ ከታች ሻይ ይዘው ቀሩ። ደግ አደረጉ።

ላይ ሲደረስ ምን አለ? ኤርታሌን በፎቶም ቢሆን ያየ ኢትዮጵያዊ ቀይ ነገር ይፈልጋል። የለም። ያለው 300 ሜትር ያህል የሚጠልቅ ግራጫና ቡናማ ጉድጓድ ነው፣ ከግድግዳው ስንጥቅ ቀጭን እንፋሎት ይወጣል። «በቃ ይሄ ነው?» የሚል ፊት በየቡድኑ አይጠፋም። እኔ ግን ጀርባችሁን ለጉድጓዱ ስጡት እላለሁ። ከታች የናፖሊ ባሕረ ሰላጤ ተዘርግቷል። ቤቱ ከባሕሩ ተነስቶ ተራራው ወገብ ድረስ ወጥቷል። መንግሥት ቀይ ዞን ባለው፣ አደጋው በሚያሰጋው ክልል ውስጥ ከ600,000 በላይ ሰው ይኖራል። ተራራው ለመጨረሻ ጊዜ የፈነዳው እ.ኤ.አ. በማርች 1944 ነው። ያኔ እዚያ ሰፍሮ የነበረው የአሜሪካ አየር ኃይል በደርዘን የሚቆጠሩ አውሮፕላኖች በአመዱ አጥቷል። ዝም ያለ ተራራ የሞተ እንዳልሆነ ደግሞ እኛም በቅርቡ አይተናል። ኅዳር 14 ቀን 2018 ዓ.ም. አፋር ውስጥ ሃይሊ ጉቢ ሲፈነዳ አመዱ ቀይ ባሕርን ተሻግሮ ህንድ ድረስ ደርሷል።

ስለ ትኬቱ ጽሑፋችሁ አንድም ቃል አላለም። ዋናው ችግር እሱ ነው። የጉድጓዱ መግቢያ ትኬት ቀድሞ ኦንላይን ነው የሚገዛው፣ ቀንና ሰዓቱም ተለይቶ። ተራራው ላይ ደርሳችሁ ስልክ ብታወጡ ኔትወርኩ ያስለቅሳችኋል። በእኛ ጉዞ «ቬሱቪየስን ጨምሮ» ተብሎ የተሸጠልን ነገር መኪናውን እንጂ ትኬቱን አይጨምርም ነበር። ከመካከላችን ሁለት ባልና ሚስት ከበሩ ተመልሰዋል። አየሩ ከከፋም ይዘጋል። በ2025 እ.ኤ.አ. ኦገስት ላይ ደግሞ በሰደድ እሳት ምክንያት መንገዶቹ ተዘግተው ነበር። ድርጅት ስትይዙ «ትኬቱስ? ቢዘጋስ ገንዘቤ?» በሉ፣ መልሱንም በጽሑፍ ያዙ።

አሁን ኤርኮላኖ ለምን እንደምል። የጥንቱ ስሙ ሄርኩላኔየም ነው። በዚያው ፍንዳታ የተቀበረ፣ ተራራው ግርጌ ያለ ትንሽ ከተማ ነው። የተቆፈረው ክፍል ሁለት ሦስት ሰዓት ይበቃዋል፤ የቀረው የዛሬው ከተማ ስር ነው። ፖምፔይን መጀመሪያ የቀበራት ከሰማይ የዘነበ ጠጠር ስለነበረ ጣሪያዎቿ ተደረመሱ። ኤርኮላኖን ግን የጋለ አመድና ጋዝ ማዕበል ነው ያለበሰው፣ ሃያ ሜትር ያህል ውፍረት። ስለዚህ ፎቁ ሳይቀር ቆሟል። እንጨቱ እንኳን ከስሎ በቦታው አለ። ተጣጣፊ የእንጨት በር፣ የአልጋ ቅሪት፣ የጣሪያ ወራጅ ታያላችሁ። በጥንቱ የባሕር ዳርቻ ደግሞ በጀልባ ማቆሚያ ቅስቶች ስር የተጠለሉ የ300 ሰዎች ያህል አፅም ተገኝቷል። መርከብ ሲጠብቁ ነው የሞቱት። እዚያ ፊት ብዙ ሰው አይናገርም።

መንገዱም ቀላል ነው። ከሮም ቴርሚኒ በፈጣን ባቡር ናፖሊ ከአንድ ሰዓት ብዙም አይበልጥም። እዚያው ጋሪባልዲ ጣቢያ ወርዳችሁ ቺርኩምቬሱቪያና የምትባለውን አሮጌ ባቡር ትይዛላችሁ። ሙቀት አላት፣ ግፊያ አላት፣ ኪስ አውላቂም አላት። ቦርሳችሁን ወደ ፊት አዙሩ። ኤርኮላኖ ስካቪ የሚለው ላይ ውረዱ። ወደ ቬሱቪየስ የሚወጣው ማመላለሻ ከጣቢያው ደጅ ይነሳል። ፍርስራሹ ደግሞ ቁልቁል አሥር ደቂቃ የእግር መንገድ ነው። ጠዋት ሳይሞቅ ተራራውን፣ ከሰዓት ከተማውን። በር ላይ ፈቃድ ያለው አስጎብኚ ይዛችሁ ከቤተሰብ ጋር ብትካፈሉት ከአውቶቡሱ ጉዞ ይረክሳል።

ፖምፔይን በሌላ ቀን በዚያው ባቡር። የምትወርዱት ፖምፔይ ስካቪ - ቪላ ዴይ ሚስተሪ ነው። በሌላ መስመር ላይ ስሙ የሚመሳሰል ጣቢያ ስላለ አትሳሳቱ። ከኖቬምበር 2024 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በቀን የሚገባው ሰው 20,000 ብቻ እንዲሆን ተወስኗል። ትኬቱም በስም ነው፣ መታወቂያ ያዙ። የወሩ የመጀመሪያ እሑድ ነፃ ነው፣ ግን ሕዝቡ አያድርስ ነው። ጥላ የለም፤ ኮፍያና ባዶ ጠርሙስ ያዙ፣ የመንገድ ዳር ቧንቧዎቹ ውኃ ይጠጣል። እናት አባት ይዞ ለሚሄድ ደግሞ በአምፊቲያትሩ በር ጀምሮ 3 ኪሎ ሜትር ተኩል ያህል የሚሄድ፣ ለዊልቸር ጭምር የተመቻቸ መንገድ አለ። ይህን የነገረኝ አንድም አስጎብኚ ድርጅት የለም።

ረቡዕ ወይም ዓርብ ከሄዳችሁ ምሳ አያሳስባችሁ። ናፖሊ ላይ ማሪናራ የምትባል ፒዛ አለች፤ ቲማቲም፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ኦሪጋኖና ዘይት ብቻ። አይብ አይነካትም። አክስቴ «ይቺማ የጾም ናት» ብለው ሁለተኛ አዘዙ።

ድረ ገጻችሁ ላይ ያለው ጽሑፍ አሁንም እየተነበበ ስለሆነ፣ ቢያንስ የቬሱቪየስ ትኬት ቀድሞ ኦንላይን እንደሚገዛና ለፖምፔይ መታወቂያ እንደሚያስፈልግ ብትጨምሩበት። የበጋው እንግዳ መምጣት ሳይጀምር ቢሆን ደግ ነው።

አክባሪያችሁ
አንዲት አንባቢ፣ ከሮም