ታሪኩን ከሞንቴሲኖስ ጀምሩልን

ለተከበራችሁ አዘጋጆች፣

በስፔን ግዛት ሥር ለወደቁት የአሜሪካ ነባር ሕዝቦች ስለተሟገተው ስፔናዊ መነኩሴ ባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስ ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። ነባሮቹን ባሪያ ማድረግ የከለከለውን የ1542ቱን አዋጅም፣ እነሱን እንዴት መያዝ ይገባል በሚል ስፔን ውስጥ የተደረገውን የቫያዶሊዱን ክርክርም ጥሩ አድርጋችሁ ነው የጻፋችሁት። ግን ከመሃል ጀመራችሁ።

እሱ ሳይነቃ በፊት ሌላ ሰው ጮኋል። በ1511 (ዓመቶቹ በፈረንጆቹ ናቸው)፣ ከገና በፊት ባለው እሑድ፣ ስፔኖች በያዙት የካሪቢያን ደሴት ላይ ባለችው ሳንቶ ዶሚንጎ ከተማ ውስጥ አንቶኒዮ ዴ ሞንቴሲኖስ የሚባል የዶሚኒካን ማኅበር መነኩሴ ሊሰብክ ቆመና ገዥው የኮሎምበስ ልጅ ዲዬጎ በተቀመጠበት የስፔን ሰፋሪዎቹን ስለ ነባሮቹ «እነዚህ ሰዎች አይደሉም ወይ? ነፍስስ የላቸውም ወይ?» ብሎ አፋጠጣቸው። ከምሳ በኋላ ተሰብስበው መነኮሳቱ ወደሚኖሩበት የሣር ቤት ሄዱ፤ ቃሉን ያንሳ አሉ። አለቃቸው ፔድሮ ዴ ኮርዶባ ግን ስብከቱ የሁላችንም ነው አላቸው። በሳምንቱ ይቅርታ ሊሰሙ ቤተ ክርስቲያኑን ሞሉት። ሞንቴሲኖስ ያንኑ አጠንክሮ ደገመው፣ ጭራሽ ንስሐችሁንም አንቀበልም አላቸው።

ላስ ካሳስ ያኔ በነባሮቹ ጉልበት የሚኖር ሰው ነበር። ቄስ ሆኖ! አንድ መነኩሴም በዚሁ ምክንያት አልናዝዝህም ብሎ መልሶታል። ልቡ የተመለሰው በ1514 ኩባ ውስጥ ለጰራቅሊጦስ በዓል ስብከት ሲያዘጋጅ ነው፤ የገለጠው መጽሐፈ ሲራክን ነበር፣ እኛ ቤተ ክርስቲያን የሚነበበውን ያንኑ ሲራክ። የድሃን እንጀራ የሚነጥቅ ደም አፍሳሽ ነው የሚለው ቦታ ላይ ደረሰ። ቀናት አሰበበት። ከዚያ በእጁ ያሉትን ሰዎች ለቀቀ።

ከሁሉ በላይ ቅር ያለኝ ግን ሌላ ነው። የደሴቶቹ ሰዎች እንዲያርፉ ከሌላ አገር ባሪያዎች ይምጡ፣ ጥቁሮችም ጭምር፣ ብለው ለስፔን ቤተ መንግሥት ሐሳብ ካቀረቡት አንዱ ራሱ ላስ ካሳስ ነው። ይሄን ዘላችሁታል። ምናልባት ለስሙ አስባችሁ ይሆናል፤ እኔ ግን አፍሪካዊ አንባቢ ነኝ፣ የነዚያ በመርከብ የተጫኑ ሰዎች ነገር የግርጌ ማስታወሻ እንኳን ሳያገኝ ሲቀር ያመኛል። ደግሞ እኮ እሱ ራሱ አልደበቀውም። የአፍሪካውያኑ ባርነትም ያው ግፍ መሆኑ ኋላ ገብቶት ተጸጽቷል፣ ጸጸቱንም በታሪክ መጽሐፉ በገዛ እጁ ጽፎታል። እሱ በ1566 ሞተ፤ መጽሐፉ የታተመው በ1875 ነው። ይሄን ሁሉ ዘመን ቃሉ ሳጥን ውስጥ ተቀምጧል ማለት ነው።

ሁለተኛ ክፍል የምትጽፉ ከሆነ፣ እባካችሁ ያቺን እሑድና ይሄን ጸጸት አስገቡልን።

አንባቢያችሁ