ሲወርድ ሶሉ ንፁህ ነው

የኔ አባት፣

እንኳን ለ20ኛ ዓመትህ አደረሰህ። ዘንድሮ ልደትህን ያለ አንተ ዋልን። ጠዋት ቡና ሳፈላ ሳላስበው የአንተንም ሲኒ ደርድሬ ነበር። እህትህ አየችና ምንም ሳትል አነሳችው።

ግን የምጽፍልህ ለልደትህ ብቻ አይደለም። አክስትህ ትናንት ማታ ደውላ ነበር። የሙዚቃ ቲዎሪ ፈተና እንደወደቅክ ነገረችኝ። እሱስ አላስደነገጠኝም፤ ፈተና ይወደቃል፣ ይደገማል። ያስደነገጠኝ «ሦስቱ የማይነር ስኬሎች፣ ናቹራሉ፣ ሃርሞኒኩና ሜሎዲኩ፣ ይምታቱብኛል፣ እኔ ጆሮ የለኝም፣ ትምህርቱን ልተወው ነው» ማለትህ ነው። ለእኔ ሳይሆን ለእሷ። ስልኩን ዘግቼ እስኪነጋ ስገላበጥ አደርኩ። «ጆሮ የለኝም» የሚለውን ቃል ማን እንዳስተማረህ አውቃለሁና።

አሁን ስማኝ። ሳታዜመው ቁልፍ አትንካ። ይህን ደጋግሜ እጽፈዋለሁ፣ አትሰልች። ሌሊት ሌሊት ማዳመጫ አድርገህ ኪቦርዱን ስትደበድብ እንደምታድር አክስትህ ነግራኛለች። ጣትህ መቶ ጊዜ ቢመላለስ፣ ጆሮህ ካልቀደመው የሚለምደው መንገዱን እንጂ ዜማውን አይደለም። መጀመሪያ በአፍህ፣ ከዚያ በጣትህ።

ላ ማይነርን ውሰድ፣ እናንተ ኤ ማይነር የምትሉትን። ላ ሲ ዶ ሬ ሚ፣ እነዚህ አምስቱ በሦስቱም ዓይነት አንድ ናቸው፣ ማንም አይነካቸውም። ማይነር የሚያሰኘው ዶው ነው። ከላ ሦስት ግማሽ ድምፅ (ጥቁሩም ተቆጥሮ ሦስት ቁልፍ) ይርቃል፤ ሜጀር ቢሆን አራት ይሆን ነበር። ታዲያ የሚያምታቱህ ስድስተኛውና ሰባተኛው ብቻ ናቸው፣ ፋ እና ሶል። ሁለት ኖታ ነው ልጄ! በሁለት ኖታ ትምህርት ይተዋል?

ናቹራሉ ነጩን ቁልፍ ብቻ ነው። የዶ ሜጀር ቁልፎች ራሳቸው ናቸው፣ ቤታቸውን ላ ላይ ያደርጋሉ እንጂ። ሶሉ ከላይኛው ላ አንድ ሙሉ ድምፅ ስለሚርቅ ወደ ቤት አይጣደፍም። ሚ ፋ ሶል ላ ብለህ አዚመው። ማታ ከሐይቁ ዳር ከአሞራ ገደል በእግሩ እንደሚመለስ ሰው ነው፤ መድረሱ አይቀርም፣ ግን አይቸኩልም።

ሃርሞኒኩ የመጣው ከቾርድ ነው፣ አብረው ከሚመቱ ድምፆች። በአምስተኛው ላይ፣ ማለትም በሚ ላይ ቾርድ ስትሠራ ሚ ሶል ሲ ይሆናል። እሱም ማይነር ነው፣ ወደ ላ የሚገፋ ጉልበት የለውም። ሶልን በግማሽ ድምፅ ከፍ ስታደርገው ግን ሚ ሜጀር ይሆናል፤ ከፍ ያለው ሶል፣ ሶል ሻርፑ፣ ከላ ሥር ተጠግቶ ካልገባሁ ይላል። እኔ በአኮርዲዮን ዘመኔ የግራ እጄን ቁልፍ ስጫን ይሄ መግፋት ይጥመኝ ነበር፣ ለምን እንደሆነ ግን የነገረኝ አልነበረም። ታዲያ ሶል ብቻውን ሲወጣ ፋ ባለበት ቀረ። በመሐላቸው ሦስት ግማሽ ድምፅ ተከፈተ። ዘማሪ የሚሰናከለው እዚያ ላይ ነው፤ በኳየር ስንት ልጅ እዚያ ክፍተት ውስጥ ሲወድቅ አይቻለሁ።

ሜሎዲኩ ያንን ክፍተት የሚደፍነው ነው። ሲወጣ ፋም ሶልም ሻርፕ ይሆናሉ፣ ድምፁ ደረጃ በደረጃ ይወጣል። ሲወርድ ግን ሁለቱም ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ። ላ ሶል ፋ ሚ፣ ንፁህ፣ ያለ ሻርፕ። ስትወርድ ከላ እየራቅህ ነው፣ ሶልን ወደ ላይ የሚጎትተው ነገር የለም። ጃዝ የሚጫወቱት ሲወርዱም እንደወጡት ይወርዳሉ፤ ለፈተናህ ግን የምትይዘው የመጀመሪያውን ነው።

እዚህ ላይ ስደርስ እስክሪብቶውን አስቀምጬ ወደ ግቢ ወጣሁ። ተመልሼ ነው የምጽፈው።

11 ዓመትህ ነበር። የሕፃናት ኳየሩን ለበዓል ስናዘጋጅ፣ ያቺ ሁለት ቁልፏ የተሰበረች ኪቦርድ ላይ አንተን አስቀምጬህ። መዝሙሩ ላ ማይነር ነበር። መጨረሻው ላይ ዜማው ይወርዳል። አንተ ሶሉን ንፁህ አድርገህ ወረድክ። እኔ ያኔ የማውቀው ሃርሞኒኩን ብቻ ነበር። እሱንም ኮፒ ከተደረገች፣ ግማሽ ገጿ ከማይነበብ ደብተር ነው ያገኘሁት። «ሻርፕ!» ብዬ ጮህኩ። ደገምከው፣ አሁንም ንፁህ። «እማ፣ ሲወርድ እኮ እንዲህ ነው የሚለው» አልከኝ። አፍህን ከፍተህ አዜምክልኝ። አስተውል፣ ያኔ አንተ አዚመህ ነበር! እኔ ነኝ ሳላዜም ያዘዝኩት። በማስመሪያ ጣትህን መታሁህ፣ በዚያ ሁሉ ልጅ ፊት። «ጆሮ የለህም እንዴ?» አልኩህ።

ቃሉ የእኔ ነው። ከእኔ አፍ ነው የወጣው።

በሻርፕ ተጫወትከው፣ እንባህ ቁልፉ ላይ እየወረደ። ከዚያ በኋላ አንድ ዓመት ሙሉ ኪቦርድ አልነካህም። አባትህ ምን እንደሆንክ ሲጠይቀኝ «ሰልችቶት ነው» አልኩት። የአባትህን ነገር ታውቃለህ፣ አልደገመም።

ከሦስት ዓመት በኋላ ለኳየር አሰልጣኞች ሥልጠና ተሰጠ። አስተማሪው ሜሎዲክ ማይነርን ሰሌዳው ላይ ጻፈ፣ ወጥቶ ወረደ። ሲወርድ ሶሉን ንፁህ አደረገው። ሌሎቹ ይጽፋሉ፣ እኔ እጄ አልንቀሳቀስ አለኝ። የአንተ ድምፅ ነው የመጣብኝ። በእግሬ በሐይቁ ዳር አድርጌ ወደ ቤት ሄድኩ፤ ዓሣ አስጋሪዎቹ ጀልባቸውን እያሰሩ ነበር፣ አባ ኮዳ ወፎቹ ዙሪያቸውን ቆመው። ዛሬ ማታ እነግረዋለሁ እያልኩ ቤት ደረስኩ። አልነገርኩህም። ሠርቼ ራት አቀረብኩልህ፣ አብዝቼ አጎረስኩህ፣ አንተም «እማ ዛሬ ምን ሆነሻል?» አልከኝ። እንደ እናት መሳሳቴን መናገር ነውር መሰለኝ። ስድስት ዓመት ሙሉ ዝም አልኩ። ይቅር በለኝ ልጄ። ጆሮህ ያኔም ልክ ነበር። በ11 ዓመትህ ማንም ሳያስተምርህ የሰማኸውን እኔ በዚያ ዕድሜዬ በሥልጠና ነው ያወቅኩት።

ስለዚህ «ጆሮ የለኝም» የሚለውን ሁለተኛ ከአንተ እንዳልሰማ። ከአክስትህም አፍ እንዳልሰማ።

ደግሞ ጋቢውን ልበስ። የአዲስ አበባ የጥቅምት ብርድ እንደ ሐዋሳ አይደለም። ሹራብ ብቻ ለብሶ ይወጣል አለችኝ። ቅቤና ቆሎ በሐሙሱ መኪና እልካለሁ፣ የባለፈውን ጣሳ ባዶውን ለሾፌሩ ስጠው። ከአክስትህ ገንዘብ አትበደር፣ ሲያልቅብህ ለእኔ ንገረኝ።

ሶል ለምን እንደሚያስቸግርህ ሳስብ አንድ ነገር መጣልኝ። አንተ ያደግከው በአያትህ ክራር ነው። የትዝታ ማይነር አምስት ድምፅ ነው፦ ላ ሲ ዶ ሚ ፋ። ሬም የለ፣ ሶልም የለ። ሶል በሌለበት ቤት ሶል ይውጣ ይቅር የሚል ጭቅጭቅ የለም። ስለዚህ ጆሮህ ፋን አጥብቆ ያውቀዋል፣ ሶልን ግን እንደ እንግዳ ነው የሚያየው። ይሄ ጉድለት አይደለም። ሙላቱ አስታጥቄ እንኳ የእኛን ባለ አምስት ድምፅ ቅኝት ከአሥራ ሁለቱ ድምፅ ጋር ያገናኘው ቅኝቱን ትቶ አይደለም፣ ይዞት ነው። አንተም ከትዝታው ጀምር። ላ ሲ ዶ ሚ ፋ ብለህ አዚም። ከዚያ ሬን ጨምር፣ ሶልን ጨምር፣ ናቹራሉ መጣልህ። ከዚያ ሶሉን አውጣው፣ ከዚያ ፋውንም። በአፍህ! ሳታዜመው ቁልፍ አትንካ ብዬሃለሁ።

ፈተናው ላይ ደግሞ አትቸኩል። መስመሩ መጀመሪያ ላይ ሻርፕም ፍላትም ከሌለ፣ መሐል ላይ ግን ሶል ሻርፕ ካየህ፣ ዶ ሜጀር ነው ብለህ አትዝለል፤ ላ ማይነር መሆኑን ጠርጥር። ያ ሻርፕ መጀመሪያ ላይ አይጻፍም፣ ኖታው አጠገብ ነው የሚጻፈው። ፋውስ ተነክቷል ወይ ብለህ እይ። ከዚያ መጨረሻውን እይ፣ የት ነው ያረፈው? ስታነብ ከንፈርህን አንቀሳቅስ፣ በልብህም ቢሆን አዚመው። መምህር ቢያይህ አትፈር።

ትምህርቱን እተዋለሁ የምትለውን እስከ ገና አቆየው። ከዚያ መጥተህ ፊት ለፊት ንገረኝ። ያኔ አልቆጣህም። አሁን ግን በስልክ፣ ያውም በአክስትህ በኩል፣ አልቀበልም።

ቅዳሜ ማታ ሁለት ሰዓት ላይ ደውልልኝ። ስልኩን ኪቦርዱ ላይ አስቀምጠው። መጀመሪያ አዚምልኝ፣ ከዚያ ሜሎዲኩን ወጥተህ ውረድልኝ። እህትህንም ዝም በይ እላታለሁ። ሶሉ ላይ ስትደርስ አንተ እንደምትሰማው አድርገው፣ እኔ አላቋርጥህም።

እናትህ
ሐዋሳ