ስለ «ቴክሳስ ሆልደም»፦ እንግዳው ማነው?

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

ባለፈው ሳምንት በሙዚቃ ገጻችሁ ስለ ቢዮንሴ የካንትሪ (ከአሜሪካ ደቡብ ገጠር የወጣ የሙዚቃ ስልት) ነጠላ ዜማ «ቴክሳስ ሆልደም» የወጣውን ጽሑፍ አንብቤዋለሁ። ጸሐፊው ዘፋኟን «የካንትሪ እንግዳ» ብለዋታል። በዚህ አልስማማም።

ዜማው የተለቀቀው እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 11 ቀን 2024፣ በሱፐር ቦውል፣ በአሜሪካ እግር ኳስ የፍጻሜ ጨዋታ፣ ምሽት ነው። ብዙም ሳይቆይ የአሜሪካው የሙዚቃ መጽሔት ቢልቦርድ የሚያወጣውን የካንትሪ ሰንጠረዥ መራ። ከዚያ በፊት ይህን ያደረገች ጥቁር ሴት አልነበረችም። ዘፈኑ ሲጀምር ጆሮ የሚገባው ባንጆ የተባለው የክር መሣሪያ ነው፤ የምትጫወተው ደግሞ ሪያነን ጊደንስ ናት። ጊደንስ የባንጆን ጥቁር ታሪክ ስታስተምር ዓመታት ያስቆጠረች ሙዚቀኛ ናት። መሣሪያውን መጀመሪያ የሠሩት በባርነት የተጋዙ አፍሪካውያን ናቸው፤ ቅል ጠርበው፣ ቆዳ ወጥረው። ታዲያ እንግዳው ማነው? ቢዮንሴስ ብትሆን የሂዩስተን ልጅ አይደለችም እንዴ? ቴክሳስን ከካርታ አልተማረችውም።

«የሽያጭ ስልት ነው» የሚለው ትችት ግን ትንሽ ውሃ ያነሳል። ዜማው በማስታወቂያ ታጅቦ ነው የወጣው። የካንትሪ ሙዚቃ ገበያ ማዕከል የሆነችው ናሽቪልም ብትሆን ያለ ማስታወቂያ አትሸጥም።

እኔን ቅር ያሰኘኝ የካንትሪ ዘፋኟ ሊንዳ ማርቴል ከጽሑፉ መዘለሏ ነው። እ.ኤ.አ. በ1969 በታዋቂው የናሽቪል የካንትሪ ዝግጅት፣ በግራንድ ኦል ኦፕሪ መድረክ ብቻዋን የዘፈነች የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት እሷ ናት። በዚያው ዓመት ያወጣችው ነጠላ ዜማም በካንትሪ ሰንጠረዥ 22ኛ ደርሶ ነበር። ከዚያ አንድ አልበም፤ በቃ፣ ከገበያው ጠፋች።

በሚቀጥለው እትም ግማሽ ገጽ ለማርቴል ስጡልን። ነጠላ ዜማ ስትገመግሙም ከዘፋኙ ስም ሥር የመሣሪያ ተጫዋቾቹን ስም አትሙ።

አንባቢያችሁ