ለጋሼ ኤሪክ፦ የምስጋና መልእክት

ይድረስ በቻይና ሻንዶንግ፣ ጃፓኖች በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የውጭ ዜጎችን ባሰሩበት በዌይሺየን ካምፕ ለልጆች ለደከማችሁ ሁሉ፤ ከሁሉ አስቀድሞ ለስኮትላንዳዊው ሯጭና መምህር ኤሪክ ሊድል።

የካምፑ በር እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1945 ከተከፈተ 80 ዓመት አለፈ። መከራውን የሚያውቅ ያውቀዋልና አንደግመውም። ሜዳና ኳስ በማይበቃበት ስፖርት የምናስተምር መምህራን ግን ያልከፈልነው የምስጋና ዕዳ አለብን።

ልጆቹ “አንክል” ይሉዎት ስለነበር እኛም በራሳችን አፍ ጋሼ እንበልዎ። ለስኮትላንድ 7 ጊዜ በክንፍ መስመር ራግቢ መጫወትዎን፣ በ1924 ፓሪስ ላይ 400 ሜትርን በ47.6 ሰከንድ ማሸነፍዎን ዓለም አመስግኖታል። እኛ የምናመሰግነው በዓመቱ ቻይና፣ ቲያንጂን ከተማ ገብተው ጠመኔ ስለ መያዝዎ ነው።

በተለይ በካምፑ የልጆቹን የተሰነጠቁ የሆኪ ዱላዎች ስለ መጠገንዎ! ዱላ የሚሰነጠቀው የእንጨቱን መስመር ተከትሎ ነው፤ ማጣበቂያ ብቻ ቢቀቡት በመጀመሪያው ምት ይከፈታል። ጨርቅ በረጅሙ ተቀዶ፣ ጥብቅ ተደርጎ፣ አንዱ ዙር የሌላውን ጠርዝ እየደረበ መጠምጠም አለበት። በእስር ላይ ጨርቅ ከየት ይመጣል? እርስዎ አንሶላዎን ቀደዱ። እዚህ ላይ ስንደርስ ሁሌም እንባ ይቀድመናል።

ላቦራቶሪ ላልነበራቸው ተማሪዎች የኬሚስትሪ ዕቃዎችን በእጅዎ ስለሣሉ እናመሰግናለን። ቱቦው ከብልቃጡ የት እንደሚገናኝ፣ ጋዙ በየት እንደሚወጣ በሥዕል ያየ ልጅ ሙከራውን በአእምሮው ይሠራዋል፤ ቀመር ብቻ የሸመደደ አይችልም።

ስለ እሑዱም። የ100 ሜትር ማጣሪያ እሑድ ዋለ ብለው ፓሪስ ላይ ያልሮጡ ሰው፣ ልጆቹ እሑድ ያለ ዳኛ ተጫውተው ሲደባደቡ በሌላው እሑድ ራስዎ ወጥተው ዳኙ። ለራስዎ የጠበቁትን ሕግ በልጅ ላይ አልጫኑም። ይህ ለመምህር ከባዱ ነገር ነው።

የመሮጫ ጫማዎንም በካምፑ ለነበረው ወጣት ለስቲቨን ሜትካፍ ሰጡ፤ በየካቲት 1945 ሊያርፉ ሳምንታት ሲቀሩ።

የጋሼ ኤሪክ ባለቤት ወይዘሮ ፍሎረንስ፣ ሦስቱን ሴት ልጆች ይዘው ካናዳ ላይ ጠብቀዋል፤ ትንሿን አባቷ ሳያያት ቀረ። የእርስዎን ድርሻ አልዘነጋንም።

ከልጆቹ ጋር የታሰራችሁ የቺፉ ትምህርት ቤት መምህራን፣ ነርሶች፣ ወጥ ቤት የደከማችሁ፣ እንቁላል በግንቡ ያሻገራችሁ ቻይናውያን ገበሬዎች፣ ካምፑን ነፃ ለማውጣት ከአውሮፕላን በጃንጥላ የወረዳችሁ ሰባታችሁ ወታደሮች፣ ሁላችሁንም እናመሰግናለን። ስማችሁን ያልጠራናችሁ ብዙ ናችሁ፤ ይቅር በሉን።

አክባሪዎቻችሁ፣ የስፖርት መምህራን