ከቀትር በኋላ ወንዙን አትሻገሪ

ይድረስ ለምወድሽ ልጄ፤ ለጤናሽ እንደምን ሰንብተሻል? እኔና እናትሽ እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነን።

ለነሐሴ 16 ጓደኞችሽን ይዘሽ እንደምትመጪ ስሰማ ቤቱ ሞላልኝ። ነገር ግን ዓምና ለልጃገረዶቹ በዓል ለአሸንድዬ ስትመጪ ወንዙን አመሻሽ ላይ ብቻሽን እንደተሻገርሽ የሰማሁት ገና ትናንት ነው። እናትሽ ለካ ታውቅ ኖሯል። ከቀትር በኋላ ወንዙን አትሻገሪ ብዬሽ አልነበረም?

እኛ ዘንድ ፀሐይ ቢሆንም አቡነ ዮሴፍ ተራራ ላይ ከዘነበ ውኃው ሳይታሰብ ይወርዳል። ጓደኞችሽ ይህን አያውቁም። በሰቆጣ ሻደይ፣ በቆቦ ሶለል የሚባለው በእኛ በላስታ አሸንድዬ መሆኑን ከማስረዳትሽ በፊት ይህን ንገሪያቸው።

አክስትሽ ለምን እንደምታነክስ ጠይቀሽኝ «ከበቅሎ ወድቃ ነው» ብዬሽ ነበር። ዋሽቼሻለሁ። ነሐሴ 15 ቀን ነበር። ለበዓሉ ወገብ ላይ የሚታሰረውን የአሸንድዬ ሣር ለማምጣት ወደ ማዶ ስትነሣ እናታችን «አብረሃት ሂድ» አለችኝ። እኔ የቡሄ ጅራፌ ተበጥሶ ቃጫ እየገመድኩ ነበር። «ሂጂ፣ እደርስብሻለሁ» አልኳት። የ12 ዓመት ልጅ ነበረች። ጅራፉ አምሮ ወጣልኝ፤ ድምፁ ገደሉ ላይ ሲያስተጋባ ደስ ብሎኝ ደጋግሜ አጮኽሁት። የእርሷን ጩኸት ያልሰማሁት ለዚህ ነው።

ሰዎች ከድንጋይ ሥር ሲያወጧት እግሯ ተሰብሮ ነበር፤ ሣሩ ግን ከእጇ አልወጣም። በማግስቱ እኩዮቿ ሹሩባ ተሠርተው፣ አሸንድዬውን ወገባቸው ላይ አስረው እየዘፈኑ በደጃችን ሲያልፉ እርሷ ከመደቡ ላይ ሆና ትቀበላቸው ነበር። ከዚያ ወዲህ ከበሮ መምታት እንጂ መጨፈር የላትም። አንድ ቀን ወቅሳኝ አታውቅም። እኔም ይቅር በዪኝ ብያት አላውቅም።

ስለዚህ ስሚኝ። ላሊበላ ስትደርሱ ቀኑ ከገፋ እዚያው እደሩና ሌሊት 11 ሰዓት ተነሡ። ውኃው ከደፈረሰ፣ ድንጋይ ሲያንከባልል ከሰማችሁ፣ ጉልበት ባይደርስም ቁሙ። ከጠዋቱ 3 ሰዓት ጀምሮ በቅሎዋን ይዤ መሻገሪያው ላይ እጠብቃችኋለሁ። ከቀትር በኋላ ግን፣ ማዶ ቆሜ ብጠራሽም እንኳ፣ አትሻገሪ።

የአክስትሽ ከበሮ ማንገቻው ተበጥሷል። ጠንካራ ጠፍር ገዝተሽ ነይ፤ ለእርሷ አትስጫት፣ ለእኔ ስጪኝ። ራሴ ልወስድላት እፈልጋለሁ።

አባትሽ