መርከቡን አይተን ዛፉን ረሳነው

ይድረስ ለአዘጋጁ፣

ስለ እንግሊዝ ባሕር ኃይል ያወጣችሁት ጽሑፍ ጥሩ ነበር፤ ግን ስለ አድሚራልና ስለ መድፍ ብቻ አውርታችሁ ዛፉን ረሳችሁት። አናጺ ስለሆንኩ ይሆናል የቆረቆረኝ።

የእንግሊዙ አድሚራል የኔልሰን የጦር መርከብ ቪክቶሪ ብቻዋን ወደ 6,000 የሚጠጋ ዛፍ በልታለች፣ አብዛኛው ኦክ የሚባለው ጠንካራ ዛፍ። ቀጥ ያለ ግንድ ብቻ አይበቃም ነበር እኮ። ለመርከቧ ጎድን የሚፈለገው ሜዳ ላይ ብቻውን ያደገ፣ ቅርንጫፉ በተፈጥሮው የጎበጠ ዛፍ ነው፤ ቀጥ ያለውን ጠርቦ ማጉበጥ የእንጨቱን ክር ስለሚቆርጠው ጉልበት ያሳጣዋል። ጠማማ እንጨት የሚወደድበት ሥራ ይሄ ነው!

የሸራው ምሰሶ ደግሞ ሌላ ጣጣ። ለሱ የሚሆን ረጅም ጥድ አገር ውስጥ እንደልብ ስለማይገኝ ከባልቲክ ይገዙ ነበር፣ በኋላም ዓይናቸውን ያኔ ቅኝ ግዛታቸው በነበረው አሜሪካ፣ ኒው ኢንግላንድ ጫካ ላይ ጣሉ። ትልልቁን ዛፍ የንጉሡ ነው ብለው በመጥረቢያ የቀስት ምልክት ያደርጉበታል፣ ያለፈቃድ የቆረጠ ይቀጣል። እ.ኤ.አ. በ1772 እዚያው ኒው ሃምፕሻየር ውስጥ ሰው መረረውና ሊያስር የመጣውን ሸሪፍ በአርጩሜ ገርፎ አባረረው። አሜሪካኖቹ በእንግሊዝ ግብር ተቆጥተው ቦስተን ላይ ሻዩን ባሕር ውስጥ የደፉት ከዚያ በኋላ፣ በ1773 ነው፤ እናንተ ሻዩን ብቻ ነው የጠቀሳችሁት።

የኔልሰን ጓደኛ አድሚራል ኮሊንግውድ ደግሞ የኦክ ፍሬ በኪሱ ይዞ በሄደበት ይተክል ነበር ይባላል። ኦክ ለመርከብ እስኪደርስ መቶ ዓመት ገደማ ይፈልጋል። የሱ ዛፎች ሲደርሱ መርከቡ ብረት ሆኖ ጠበቃቸው።

አንባቢያችሁ